ሳቅ ይጽፉ የነበሩት ሽማግሌ

ዙሪክ፣ አፎልተርን በሚባለው ሰፈር በአንድ የአረጋውያን ቤት እሠራ በነበረበት ዘመን አንድ እንግሊዛዊ ሽማግሌ ከጄኔቫ መጡ። ግራጫ ካፖርት የለበሰች ልጃቸው ተሽከርካሪ ወንበራቸውን እየገፋች አስገባቻቸው። ቀኝ እጃቸው ጭናቸው ላይ ተጋድሟል፤ የሌላ ሰው እጅ ይመስላል። የክፍሉ ኃላፊ በጀርመንኛ እንኳን ደህና መጡ አለቻቸው። ሽማግሌው ቀና ብለው አዩዋት፣ ከንፈራቸውን አዘጋጁ፣ ብዙ ቆዩና በእንግሊዝኛ «ሐሙስ» አሉ።

ቀኑ ሐሙስ አልነበረም። ልጃቸው ለሁላችንም አስረዳችን። ስትሮክ ከመታቸው ወዲህ ሳይጠሯት የምትመጣላቸው ይህች ቃል ናት። ውኃ ሲጠማቸውም ሐሙስ፣ ሲበርዳቸውም ሐሙስ። የሚሰሙትን ሁሉ ይረዳሉ፣ ሊሉ የፈለጉትንም ያውቁታል፤ ቃሉ ግን መንገድ ላይ ይለወጥባቸዋል። ብዙ ከታገሉ አንዳንዴ ትክክለኛው ይመጣል፣ እሱም አንድ አንድ እየሆነ።

ኃላፊዋ እንግሊዝኛ የሚችል ሰው ፍለጋ ዙሪያዋን ቃኘችና ዓይኗ እኔ ላይ ቆመ።

«የእኔ እንግሊዝኛ የትምህርት ቤት ነው» አልኳት።

«ከእኛ ይሻላል» አለችኝ። በዚያው የእኔ ሆኑ።

እኔ አዲስ አበባ ሳለሁ ለቴሌቪዥን አጫጭር ኮሜዲ እጽፍ ነበር። ትልቅ ጸሐፊ አልነበርኩም። ለበዓል ዋዜማ ወይም ለመዝናኛ ሰዓት የምትሆን ነገር ሲሉኝ እጽፋለሁ፤ ተዋንያኑ የራሳቸውን ይጨምሩበታል፣ ሰው ይስቃል፣ ከዚያ ይረሳል። ከዘጠና ሰባቱ ምርጫ በኋላ ግን አንዷ ሳትረሳ ቀረች። ታሪኳ ስለ ሁለት ዕድር ነው። የሁለት ዕድር አባል የሆነ ሰውዬ በጠና ታሟል። ገና ነፍሱ ሳትወጣ የሁለቱም ዕድር ሰዎች ድንኳን ተሸክመው ይመጡና እኛ ነን የምንተክል፣ የለም እኛ ነን እያሉ ግቢው ውስጥ ይጣላሉ። በመጨረሻ በሽተኛው ከአልጋው ተነሥቶ ይወጣና ያስታርቃቸዋል። የጻፍኩት የሰፈራችንን ዕድሮች አይቼ ነበር።

ደኅንነት ቢሮ ተጠርቼ ስሄድ አንድ ጨዋ የሚመስል ሰው ወንበር ሰጠኝና «ሁለቱ ዕድሮች እነማን ናቸው?» አለኝ።

«ዕድሮች ናቸው።»

«በሽተኛውስ?»

«በሽተኛ ነው።»

«ሰዎች በሽተኛው ሀገር ናት ይላሉ እኮ።»

እስከዚያች ሰዓት ድረስ አስቤውም አላውቅም ነበር። እሱ ከነገረኝ በኋላ ግን፣ እውነትም ትመስላለች ብዬ ልቤ ደነገጠ። በሽተኛው ለሁለቱ ዕድሮች ያደረገውን ንግግር ፊቱ ዘርግቶ በየመስመሩ ሥር እያሰመረበት ነበር። ስለ እያንዳንዱ መስመር ጠየቀኝ፣ ለእያንዳንዱም ያው መልስ ነበረኝ፤ በሽተኛ ነው፣ ዕድሮች ናቸው። ከዚያ ወዲያ እንደገና ስጠራ አልሄድኩም። ከአገር ወጣሁ።

ስዊዘርላንድ ስገባ ሠላሳዎቹን አጋምሼ ነበር። ካምፕ፣ ቃለ መጠይቅ፣ ደግሞ ሌላ ካምፕ። በመጨረሻ «ኤፍ» የሚባለውን አውስቫይስ ሰጡኝ፤ ጥገኝነትህን አልተቀበልንም፣ ግን አንመልስህም፣ ለጊዜው ቆይ የሚል መታወቂያ ነው። ያ «ለጊዜው» ዓመታት ፈጀ። ከዙሪክ አጠገብ ሽሊረን ውስጥ መጋዘን ከሚሠራ አንድ የአዲስ አበባ ልጅ ጋር ቤት ተጋርቼ፣ የአረጋውያን እንክብካቤ ተምሬ ሥራ ያዝኩ። ሰው ማጠብ፣ ማልበስ፣ ማጉረስ። በፊት ምን ትሠራ ነበር ብሎ የጠየቀኝ ሰው አልነበረም፣ እኔም አላወራም። በማያውቁት ቋንቋ ስለተጻፈ ቀልድ ለሰው ምን ይባላል?

የሽማግሌውን ሥራ የነገረችኝ ልጃቸው ናት። ኦርሊኮን በሚባል የዙሪክ ሰፈር ቢሮ ውስጥ ትሠራለች፤ ከሥራ ስትወጣ በአውቶቡስ እየመጣች አጠገባቸው ትቀመጣለች። እሳቸው እንቅልፍ ሲወስዳቸው ኮሪደር ላይ ከእኔ ጋር ታወራለች።

አባቷ የአውቶቡስ ሹፌር ልጅ ነበሩ። በወጣትነታቸው አንድ የውኃ ክፍል መሥሪያ ቤት ተቀጥረው ቀን ቢል ሲጽፉ ይውላሉ፣ ማታ ቀልድ ጽፈው ለሬዲዮ ይልካሉ። ወታደር ቤት የተዋወቁት አንድ ጓደኛ ነበራቸው። ሁለቱ ክፍል ተከራይተው አብረው መጻፍ ጀመሩ፤ ጓደኛው እየተንጎራደደ ያወራል፣ እሳቸው ታይፕ ይመታሉ። የትኛውን መስመር ማን እንዳመጣው እነሱም አያውቁትም ነበር። ስማቸውን ያስጠራው ፕሮግራም እኅትማማቾችን ስላገቡ ሁለት ፀጉር አስተካካዮች ነው። ሁለቱ አንድ ፀጉር ቤት በጋራ ይሠራሉ፤ ግን ተኳርፈዋል፣ አይነጋገሩም። ስለዚህ የሚነጋገሩት ወንበር ላይ በተቀመጠው ደንበኛ በኩል ነው። «ይቅርታ ጌታዬ፣ ለዚያኛው ሰውዬ መቀሴን እንዲመልስ ይንገሩልኝ።» ደንበኛው ፊቱ በአረፋ ተሸፍኖ መሐል ይጨነቃል። ያ ፕሮግራም ለዓመታት ታየ። የሚታይበት ምሽት መንገዱ ጭር ይል ነበር አለችኝ። ተማሪ ቤት ልጆቹ መምህሩን በእሷ በኩል ያናግሩት እንደነበርም ነገረችኝ።

ከዚያ ጓደኛው በልብ ሕመም ሞተ። አባቷ ከቀብር መልስ ታይፑ ፊት ተቀመጡ፤ የሚንጎራደድ ሰው የለም። ብቻቸውን የጻፉትም ጥቂት ጊዜ ታየ። ቆይቶ ጣቢያው አዲስ ኃላፊ አመጣ። ወጣት ነው፣ በጣም ትሑት ነው። ምሳ ጋበዛቸውና «እኔ የእርስዎን ፕሮግራም እያየሁ ነው ያደግኩት» አላቸው። እቤት ገብተው ለሚስታቸው «አለቀ» አሏት።

«ምን አለህ?» አለች እናቷ።

«አመሰገነኝ።»

እናቷ ጄኔቫ ውስጥ በአንድ ዓለም አቀፍ ድርጅት የትርጉም ሥራ ስታገኝ ተከትለዋት መጡ። ፈረንሳይኛ አልገባ አላቸው። በየጠዋቱ መስኮት ሥር ተቀምጠው ይጽፋሉ፣ ለንደን ይልካሉ። መልሱ መጀመሪያ ረጅም ነበር፣ እያጠረ ሄደ፣ ከዚያ ቀረ። ሚስታቸው ሞተች። እሳቸው መጻፋቸውን አልተዉም።

«እስከ ታመመበት ጠዋት ድረስ ጽፏል» አለችኝ። «ለማን እንደሆነ እንጃ።»

ከሰዓት በኋላ ሥራ ሲቀልልኝ የድሮ ፕሮግራማቸውን ክፍላቸው ውስጥ አብረን እናይ ነበር። እሳቸው አይስቁም። በደህናው እጃቸው ጣት የወንበሩን ክንድ ይመታሉ። መጀመሪያ ዝም ብሎ የሽማግሌ ልማድ መስሎኝ ነበር። ቆይቼ ሳስተውል ጣታቸው የምትወርደው ከሳቁ በፊት ነው። ተዋናዩ ተናግሮ ዝም ይላል፣ ጣታቸው ትወርዳለች፣ ወዲያው ስቱዲዮ ያለው ሕዝብ ይስቃል። አንዳንዴ ጣታቸው ወርዳ ሳቁ ይዘገያል። ያኔ ስሕተቱ ዛሬ ጠዋት የተሠራ ይመስል ፊታቸው ይጠቁራል።

አንድ ቀን ሾርባ እያበላኋቸው «እኔም አገሬ ለቴሌቪዥን እጽፍ ነበር» አልኳቸው። «ኮሜዲ።»

አፋቸውን ለማንኪያው ከፍተው ነበር። ዘጉት። ማንኪያውን በእጃቸው ገፋ አደረጉና ቀጥል የሚል ምልክት ሰጡኝ።

የዕድሮቹን ታሪክ ጀመርኩ። መጀመሪያ ግን ዕድር ምን እንደሆነ ማስረዳት ነበረብኝ። ጎረቤት እንዴት እንደሚያዋጣ፣ ሰው ሲሞት ድንኳን እንዴት እንደሚተከል፣ ለምን አንድ ሰው ሁለት ዕድር እንደሚገባ። እኔ ሳስረዳ ሾርባው ቀዘቀዘ፣ ቀልዱም አብሮ ቀዘቀዘ። ዓይናቸውን ጨፍነው ሰሙኝ። ተኝተው ይሆናል ብዬ ስነሣ አፋቸው መታገል ጀመረ።

«ሁለት» አሉ። «ሁለት… ሁለት… ቀባሪ።»

በሳቸው አገር ሬሳ እየገነዙ የሚቀብሩ ድርጅቶች አሉ። ሁለት የሚፎካከሩ ቀባሪዎች ገና ያልሞተ ሰው በር ላይ ሲገናኙ ማለታቸው ነው። እኔ ሾርባ እስኪቀዘቅዝ የፈጀሁበትን እሳቸው በሁለት ቃል ጨረሱት።

«መጨረሻው?» በሚል ሁኔታ አገጫቸውን ወደ እኔ አነሡ።

«በሽተኛው ይነሣና ንግግር ያደርጋል። ያስታርቃቸዋል።»

ራሳቸውን ነቀነቁ። የፈለጉትን እስኪነግሩኝ ድረስ ከሰዓት በኋላው አለቀ። ሐሙስ አሉ፣ ተናደዱ፣ ጠረጴዛውን መቱ፣ ደግሞ ጀመሩ። በመጨረሻ ያገኘነው ይህን ነው። «አይናገርም። ይነሣል። ምሰሶ።» ደህናውን እጃቸውን አንድ ነገር እንደ ጨበጠ አድርገው ወደ ላይ አነሡ። «ይይዛል። አለቀ።»

በሽተኛው ምንም አይናገርም ማለታቸው ነው። ተነሥቶ ይወጣና የሚጣሉትን ሰዎች አልፎ፣ የወደቀውን የድንኳን ምሰሶ አንሥቶ ቀጥ አድርጎ ይይዝላቸዋል። ክፍሉ ውስጥ ቆሜ ይህን ሳስብ ንግግሩ ትዝ አለኝ፤ ያ ጨዋ ሰው በየመስመሩ ያሰመረበት። ባይናገር ኖሮ በምኑ ሥር ያሰምር ነበር? ለእንግሊዛዊው ግን ይህን አልነገርኳቸውም። ደክሟቸው ነበር።

በዚያ ዓመት ዙሪክ ያለን ሐበሾች ኦርሊኮን ውስጥ አዳራሽ ተከራይተን እንቁጣጣሽን ስናከብር አጭር ነገር አሳየን አሉኝና ያችኑ ይዤ ወጣሁ፣ በአዲሱ መጨረሻ። በሽተኛው አብሮኝ የሚኖረው ልጅ ነበር። የዕድር ሰዎቹ ሲጣሉ አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። እዚህ የተወለደች አንዲት ልጅ ብቻ «ማሚ፣ ዕድር ቫስ ኢስት ዳስ?» እያለች፣ ዕድር ምንድን ነው ብላ በጀርመንኛ እናቷን ስትነዘንዝ ይሰማኛል። ከዚያ ጓደኛዬ በጋቢው ተጠቅልሎ ወጣ፣ ጎንበስ አለ፣ ምሰሶውን አነሣ፣ ያዘ። ሳቁ ሲፈነዳ ልሰማ ከመጋረጃው ኋላ ጆሮዬን አቆምኩ። ሳቅ የለም። ቀና ብዬ ሳይ ፊት ወንበር ላይ ያሉ አንድ ጡረተኛ መሐረብ አውጥተዋል። በደርግ ጊዜ የወጡ ሰው ናቸው። ከኋላቸው ያሉት ሴቶች ነጠላቸውን ዓይናቸው ላይ አድርገዋል።

በኋላ አንዲት እናት ወደ እኔ መጡ። «ምነው ልጄ፣ በበዓል ቀን?» አሉኝ። «እናቴ ስትሞት እኔ እዚህ ሰው ቤት አጸዳ ነበር። ድንኳኑን ማን እንደተከለ እንኳ አላውቅም።»

«ኮሜዲ እኮ ነው እማማ» አልኳቸው።

«አውቃለሁ» አሉኝ፣ ፊታቸውን እየጠረጉ።

በማግስቱ ለሽማግሌው ነገርኳቸው። «እንዳሉት አደረግኩት። አለቀሱ» አልኩ። ትክ ብለው አዩኝ። ከዚያ ከደረታቸው አንድ ድምፅ ወጣ፤ መጀመሪያ ትንታ መስሎኝ ጀርባቸውን ልመታ ተነሣሁ። እየሳቁ ነበር። ግማሽ አፋቸው ብቻ ነው የሚስቀው፣ ግን እንባቸው እስኪፈስ ሳቁ። ነርሷ ምን ሆኑ ብላ ሮጣ መጣች። ሲስቁ ያየሁት ያኔ ብቻ ነው።

ጸደይ ሲገባ ልጃቸው አንድ ወሬ ይዛ መጣች። ጄኔቫ ውስጥ እንግሊዝኛ ተናጋሪዎች በትርፍ ጊዜያቸው ቲያትር የሚሠሩበት ቡድን አለ። የቡድኑ መሪ የእናቷ ወዳጅ የነበረች ሴትዮ ናት። የፀጉር አስተካካዮቹን አንድ ክፍል መድረክ ላይ ሊያሳዩ ነው፣ አባትሽን ይዘሽልን ነይ ብላታለች። ሽማግሌው ሲሰሙ ደህናውን እጃቸውን አንገታቸው ላይ አደረጉ። ክራባት ማለታቸው ነው።

ልጃቸው ለሴትዮዋ አስቀድማ ነግራታለች። እንዳታናግሩት፣ መድረክ እንዳታወጡት፣ ቃል ያስቸግረዋል ብላ። ሴትዮዋም እሺ ብላለች። በዕለቱ ግን ልጅቷን ትኩሳት ጣላትና እኔ ይዣቸው እንድሄድ ኃላፊዬን ለመነቻት። ተፈቀደ። ክራባታቸውን አሰርኩላቸው፤ ሦስቴ አስፈቱኝ፣ ስላልወደዱት። ባቡሩ ሎዛንን አልፎ ሐይቁ በመስኮቱ ሲመጣ ፊታቸውን መስታወቱ ላይ አስጠግተው እስክንደርስ አላነሡም።

አዳራሹ ሞልቶ ነበር። ከፊት ረድፍ ጠርዝ ላይ ወንበራቸውን አቆምኩና አጠገባቸው ተቀመጥኩ። ተዋንያኑ ባለሙያ አይደሉም። ይዘገያሉ፣ ይቸኩላሉ፣ በራሳቸው ቀልድ ይስቃሉ። የሽማግሌው ጣት ትወርዳለች፣ ተዋናዩ ገና መቀሱን እየፈለገ ነው። በየመሐሉ ሲያቃስቱ ይሰማኛል። ሰዉ ግን ወደደው። በልጅነታቸው ያዩት ነውና ቀልዱ ሳይደርስ ቀድመው ይስቁ ነበር።

ሲያልቅ ሴትዮዋ ወጥታ የጻፉት ሰው እዚህ መሐላችን አሉ ብላ ወደ እኛ አመለከተች። ሰው ሁሉ ተነሥቶ አጨበጨበ። እስከዚህ ያለው ጥሩ ነበር። ከፀጉር አስተካካዮቹ አንዱን የሠራው ሰውዬ ግን ሞቅ ብሎት ከመድረክ ወረደና ማይክሮፎኑን አቀበላቸው። ማንም አልነገረውም መሰለኝ። እጄን ዘረጋሁ፣ ልቀበለው። ሽማግሌው ቀደሙኝ። በደህናው እጃቸው ያዙት። በክንዳቸው ተደግፈው ሊነሡ ሲጀምሩ ብብታቸውን ይዤ አቆምኳቸው፤ ምን ላድርግ? ፈልገዋል። ፊታቸውን አይቻለሁ፣ ይመጣልኛል ብለው አምነዋል።

ሰዉ ተቀመጠ። ጸጥ አለ። እሳቸው ቆመው አዩት፣ ሕዝቡን ሁሉ። ሕዝቡም ፈገግ ብሎ ጠበቃቸው። አፋቸውን ከፈቱ፣ ዘጉ። ጸጥታው ሲረዝም አንድ ሁለት ሰው ፍርፍር አለ፤ የድሮ አዋቂ ናቸው፣ ዝምታን እንዴት እንደሚይዙት እዩ በሚል ሳቅ።

«ሐሙስ» አሉ።

አዳራሹ ፈነዳ። እንደዚያ ያለ ሳቅ በሕይወቴ ሰምቼ አላውቅም። ዕለቱ ቅዳሜ ነበር፣ ለዚያ ይሆናል፤ ወይ ከዚያ ሁሉ ዝምታ በኋላ ያች አንዲት ቃል ስለመጣች። ሽማግሌው ራሳቸውን ነቀነቁ፤ አይደለም፣ ይህን አይደለም። ሰዉ ባሰበት። «ሐሙስ» አሉ በቁጣ። «ሐሙስ፣ ሐሙስ።» ፊታቸው ቀላ። ከኋላ አንድ ሰው ወንበሩን እየደበደበ ይስቃል።

እኔ ወደ ማይክሮፎኑ ጎንበስ ብዬ «ይቅርታ አድርጉልን» አልኩ። «መናገር አይችሉም። ታመው ነው።»

ይበልጥ ሳቁ። የገባኝ በኋላ ነው። ሙሉ ልብስ የለበሰ፣ በባዕድ ቅላጼ እንግሊዝኛ የሚናገር ጥቁር ሰው ድንገት ተነሥቶ እንዲህ ሲል የጨዋታው ክፍል መሰልኳቸው። አንዱ ሌላውን በሰው በኩል የሚያናግርበትን ቀልድ አሁን አይተው መጨረሳቸው ነበር፤ እኔ ደንበኛው ሆንኩ። «እውነቴን ነው» አልኩ። ያም አሳቃቸው። ሽማግሌው ወደ እኔ ዞሩ፣ ዓይናቸው አስቸኳይ ነገር ይለምናል፣ እኔ የምሰጣቸው ቃል የለኝም። ያንን መተያየታችንንም ሳቁበት።

ሳቁ የሞተው ከፊት ነው። እንባቸውን ከቅርብ ያዩት ቀድመው ዝም አሉ፣ ዝምታው ረድፍ በረድፍ ወደ ኋላ ሄደ። መጨረሻ ላይ አንድ ሰው ብቻውን ይስቅ ነበር፣ እሱም ገባው። ሴትዮዋ ሮጣ መጥታ አቀፈቻቸው። ከዚያ ጭብጨባ ተጀመረ። ማን እንደሚያቆመው ያልታወቀ ዓይነት ጭብጨባ ነው፤ ማይክሮፎኑን ከእጃቸው አስለቅቄ፣ አስቀምጬ፣ ወንበራቸውን ገፍቼ ከአዳራሹ እስክወጣ ድረስ አላቆመም።

መልስ ባቡር ላይ ክራባታቸውን ፈታሁላቸው። «ተከፍተዋል?» አልኳቸው።

አሰቡ። አፋቸው ሥራውን ጀመረ፣ ጠበቅኩ።

«ሳቅ» አሉ። ቆይተው ደግሞ «ትልቅ።»

ከዚያ አለቀሱ። ደስታ ይሁን ውርደት አላወቅኩም፣ እንዴት ብዬስ እጠይቃለሁ? መሐረብ ሰጠኋቸው። ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዞሩና እስከ ዙሪክ እንደዚያው ሆኑ።

ሽሊረን ስገባ ጓደኛዬ እንዴት ዋላችሁ አለኝ፣ ነገርኩት። «ሐሙስ» ያሉበት ጋ ስደርስ ሳቁ አመለጠው። አፉን በእጁ ያዘ፣ አልቻለም። «ይቅርታ፣ ይቅርታ ወንድሜ፣ አዝኜ ነው እኮ» ይላል፣ ይስቃል። እያየሁት እኔም ያዘኝ። ሁለታችን ማድ ቤት ውስጥ ሆዳችንን ይዘን ሳቅን።

ለልጃቸው አንድም ሳልደብቅ ነገርኳት። አልተቆጣችም። «ራሱ ነው የተነሣው?» አለችኝ። አዎ አልኳት። «እኔም ብኖር አላስቆመውም ነበር» አለች። ቦርሳዋን ከፈተች፣ ምንም ሳታወጣ ዘጋችው።

ከዚያ በኋላ ቴሌቪዥን ስከፍትላቸው እንድዘጋው እጃቸውን ያወዛውዛሉ። ቃላቱ እየመነመኑ ሄዱ፤ ከብዙ ትግል በኋላ ይመጡ የነበሩትም ቀሩ። ክረምቱ ሊገባ ሲል አንድ ከሰዓት ልጃቸውም እኔም እያለን፣ ሳይታገሉ፣ አጥርተው «ቤት» አሉ።

ልጅቷ እጃቸውን ይዛ «እንግሊዝ?» አለቻቸው። «ወደ አክስቴ ልውሰድህ? አገርህ መሄድ ትፈልጋለህ?»

ዓይናቸውን ጨፈኑ። እሺ ማለታቸው ነው አለች። እኔ እርግጠኛ አልነበርኩም። ጄኔቫ ያለውን ቤታቸውን፣ ይጽፉበት የነበረውን መስኮት ይሆናል። ወይም ምንም አይሆንም፣ እንደ ሐሙስ ያለ ሌላ ቃል መጥቶባቸው ይሆናል። ይህንኑ ቀስ ብዬ ነገርኳት።

«እኔም አስቤዋለሁ» አለችኝ። «ግን አንዱን መምረጥ አለብኝ።» ጄኔቫ ያለው ቤት ከተለቀቀ ቆይቷል፤ ሌሎች ሰዎች ይኖሩበታል። እንግሊዝ እኅታቸው አሉ፣ ከእኅታቸው ቤት አጠገብ የአረጋውያን ቤት አለ።

ልብሳቸውን ያጠፍኩት እኔ ነኝ። መኪናው ሲመጣ ኮታቸውን አልብሼ አወረድኳቸው። ወንበራቸውን ሊያነሡ ሲሉ እጅጌዬን ያዙኝና አንድ ነገር አሉኝ። ረጅም ነበር፤ ዓረፍተ ነገር ይመስላል፣ መውጫና መውረጃ ያለው። አንዷንም ቃል አልለየሁም። «እሺ» አልኳቸው። አልለቀቁኝም። አጠገባቸው ቆማ የነበረችው ልጃቸው «በቃ አባዬ፣ እንሂድ» ብላ ጣታቸውን አንድ በአንድ አላቀቀች።

በቀጣዩ ዓመት ክረምት እዚያው ሞቱ። ልጃቸው ደውላ ነገረችኝና ለቀብሩ ብትመጣ ደስ ይለን ነበር አለችኝ። የእኔ አውስቫይስ ከአገር አያስወጣም፣ ፈቃድ ካልተጠየቀበት። የኢሚግሬሽን ቢሮ ሄጄ ጠየቅኩ። መስኮቱ ላይ ያለችው ሴት ክፉ አልነበረችም።

«የቅርብ ዘመድ ናቸው?» አለችኝ።

«አይደሉም።»

«ምንዎ ናቸው?»

የሥራ ባልደረባዬ ናቸው ልላት ነበር። እንዴት ብዬ ነው የማስረዳት? «አረጋዊ ናቸው፣ እረዳቸው ነበር» አልኩ። አዝናለሁ አለችኝ፣ እውነቷን ይመስለኛል፤ ቀጣዩን ሰው ጠራች።

የቀብሩ ዕለት የጠዋት ሥራ ላይ ነበርኩ። እሳቸው በነበሩበት ክፍል አንዲት የዙሪክ ሴትዮ ገብተው ነበር፣ የቀድሞ መምህርት፤ ውኃው ቀዘቀዘ፣ ውኃው አቃጠለኝ እያሉ ሲቆጡኝ አጥቤ አለበስኳቸው። ከሰዓት በኋላ የሽማግሌው ልጅ ደወለች። ዝናብ ነበር፣ ሰው ጥቂት ነበር፣ ቶሎ አለቀ አለችኝ። አንድ ቀን መጥቼ አይሃለሁ አለችኝ፣ እኔም እጠብቃለሁ አልኳት። አልመጣችም። አልፈረድኩባትም፤ ከዚያ ወዲያ አፎልተርን የሚያመጣት ነገር አልነበረም።